«ያልተበረዘው» ሮቢን ሁድ የትኛው ነው?

ጥያቄ፦ «በአንድ ትምህርት ቤት የቲያትር ክበብ አስተባብራለሁ። ለ8ኛ ክፍል ተማሪዎች የሮቢን ሁድን ታሪክ በአማርኛ ለመድረክ ላዘጋጅ ብዬ ሦስት መጻሕፍት አገላበጥሁ። አንደኛው ርስቱን የተነጠቀ መስፍን ነው ይላል፤ ሁለተኛው ተራ ባላገር ያደርገዋል፤ ሦስተኛው ከመስቀል ጦርነት የተመለሰ ወታደር ነው ይላል። ተማሪዎቼን ማሳሳት ስለማልፈልግ ዋናውን፣ ያልተበረዘውን ታሪክ ይለዩልኝ። ደግሞስ ሰውዬው በእርግጥ የነበረ ነው?»

ምላሽ፦ ያልተበረዘ ሮቢን ሁድ የሚባል የለም፤ ፍለጋውን እዚህ ላይ ቢያቆሙት ከብዙ ድካም ይድናሉ። ታሪኩን አንድ ደራሲ ጽፎት ሌሎች በኋላ ያበላሹት አይደለም። በብራና ላይ ከመስፈሩ በፊት ቢያንስ ለመቶ ዓመት በቃል ሲባል የኖረ ነው፤ ከዚያም ወዲህ በየዘመኑ ያወራው ሁሉ የራሱን እየጨመረበት አልፏል። እጅዎ ላይ ያሉት ሦስት መጻሕፍት የተጣሉትም የቀዱበት ምንጭ ስለተለያየ ነው። ባላገሩ ከ15ኛው ክፍለ ዘመን የመጣ ነው፤ መስፍኑ ከ16ኛው መጨረሻ፤ የመስቀል ጦረኛውን ደግሞ ያነገሠው ሲኒማ ነው። (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

የነበረ ሰው ነው ወይ ለሚለው፣ ስሙ በእንግሊዝ የፍርድ መዛግብት ውስጥ መኖሩ እርግጥ ነው፤ ችግሩ መብዛቱ ነው። ሮበርት በዘመኑ እጅግ የተለመደ ስም ሲሆን ሮቢን ቁልምጫው ነው፤ ሁድ ወይም ሆድ የሚለውም የአባት ስም እንግዳ አልነበረም። በ1226 ሮበርት ሆድ የሚባል የዮርክሻየር ኮብላይ ንብረቱ 32 ሽልንግ ከ6 ፔንስ ተገምቶ ለመንግሥት ገቢ እንዲሆን ተመዝግቧል። በ1852 ደግሞ ጆሴፍ ሃንተር የተባለ የመዛግብት ሊቅ በ1320ዎቹ በንጉሥ ኤድዋርድ 2ኛ እልፍኝ ያገለግል የነበረ አንድ ሮቢን ሆድ አግኝቶ ሰውየው ይህ ነው ብሎ ተከራክሮ ነበር። ከሁሉም ይልቅ ክብደት ያለው ማስረጃ ግን የሌላ ሰው ስም ነው። በ1261 በበርክሻየር ዊልያም የተባለ የአንጥረኛው የሮበርት ልጅ በሕግ ተፈልጎ ጠፋ፤ በማግሥቱ ዓመት የንጉሡ ጸሐፊ መዝገቡን ሲገለብጥ ይህንኑ ሰው «ዊልያም ሮብሆድ» ብሎ ጻፈው። ጸሐፊው ለኮብላዩ ይህን ቅጽል መስጠቱ ስሙ በ1262 አስቀድሞ የሽፍታ መጠሪያ ሆኖ እንደነበር ያመለክታል። እንዲያ ከሆነ የሃንተር ሎሌ ከወሬው በ60 ዓመት ዘግይቶ የመጣ ሰው ነው።

መቃብሩ አለ የሚሉዎትንም አይመኑ። በዮርክሻየር ከርክሊስ በሚባለው ቦታ ለእርሱ የተቀረጸው ጽሑፍ የሞተበትን ቀን «24 ካለንድ ዲሴምብሪስ 1247» ይላል። በሮማውያን አቆጣጠር ከዲሴምበር መባቻ ወደ ኋላ የሚቆጠረው ከ18 ስለማያልፍ እንዲህ ያለ ቀን ኖሮ አያውቅም፤ በእኛ አገር «ጳጉሜን 9 ቀን ዐረፈ» ብሎ ድንጋይ ላይ እንደመጻፍ ነው። በ1746 ዊልያም ስተክሊ ያወጣው የሮቢን ሁድ የዘር ሐረግም ከዚህ የተሻለ ዋጋ የለውም።

በሥነ ጽሑፍ ስሙ መጀመሪያ የሚገኘው በ1377 አካባቢ ዊልያም ላንግላንድ በደረሰው ረጅም ግጥም ውስጥ ነው። እዚያ ስንፍና የሰው አካል ለብሳ ቄስ ሆና ትመጣና ኃጢአቷን ስትናዘዝ፣ አቡነ ዘበሰማያትን በወጉ መድገም አልችልም፣ የሮቢን ሁድንና የቼስተሩን ኧርል (መስፍን ማለት ነው) የራንዶልፍን ግጥም ግን አውቃለሁ ትላለች። የቤተ ክርስቲያን ሰው በዚህ ምሬት ከጠቀሰው ግጥሙ በየመጠጥ ቤቱ የተለመደ ነበር ማለት ነው። ከዚያ በኋላ የታሪክ ጸሐፊዎች ዘመን ሊያወጡለት ተነሡ፤ አንድሩ ኦቭ ዊንታውን በ1283፣ ዋልተር ባወር በ1266፣ ጆን ሜጀር ደግሞ በ1521 ባሳተመው መጽሐፉ በንጉሥ ሪቻርድ 1ኛ ዘመን አኖሩት። ሦስቱም ስኮትላንዳውያን መሆናቸው የሚያስገርም ነው፤ ስለ እንግሊዙ ሽፍታ ጎረቤቶቹ ቀድመው ጻፉ። ዛሬ ሁሉም ሰው የሚያውቀው «የሪቻርድ ዘመን» የመጣው ከሦስተኛው ነው፤ ሜጀር ለዚህ ማስረጃ አላቀረበም።

እርስዎ «ዋናው» የሚሉት ነገር የግድ ይኑር ከተባለ፣ ለዚያ ስም የሚቀርበው በ1500 አካባቢ የታተመው፣ በስምንት ክፍል የተከፈለ፣ 456 ባለ አራት ስንኝ አንጓዎች ያሉት ትረካ ነው። እንግሊዝኛው «ጀስት» ይለዋል፤ ከላቲን የመጣ፣ የተሠራ ሥራ ማለት ነው፤ በአማርኛ ገድል ከማለት የተሻለ ቃል አላገኘሁለትም፣ ጻድቅ ባይሆንም። በዚህ ገድል ውስጥ ሮቢን መስፍን አይደለም፤ መስቀል ጦርነት የለም፤ ሪቻርድ የለም፤ ፍቅረኛው ማሪያን የለችም፤ ሆዳሙ መነኩሴ ታክም የለም። ንጉሡ ኤድዋርድ ነው፤ ከ1272 እስከ 1377 በተከታታይ የነገሡት ሦስት ኤድዋርዶች ስለሆኑ የትኛው እንደሆነ ከግጥሙ አይለይም። ሮቢን የሚውልበት ጫካም በአብዛኛው የዮርክሻየሩ ባርንስዴል እንጂ ፊልሞቹ የሚያሳዩት ሸርውድ አይደለም።

ለመድረክዎ የሚሆነውን ክፍል ትንሽ ልዘርዝረው። ሮቢን እንግዳ ሳይመጣ ምሳ አልበላም ይላል። የሮቢን ቀኝ እጅ የሆነው ሊትል ጆንና ሁለት ጓደኞቹ መንገድ ላይ ወጥተው አንድ ባላባት ያገኛሉ፤ ባላባቱ አንድ እግሩን እርካብ ላይ አድርጎ ሌላውን አንጠልጥሎ፣ የራስ ልብሱ ዓይኑ ላይ ወርዶበት አዝኖ ይጋልባል። ይዘውት ይመጣሉ፤ አብሮ ይበላል። ከምሳ በኋላ ሮቢን ሒሳብ ይጠይቀዋል፦ ባላገር ለባላባት ሲከፍል ታይቶ አይታወቅም። ባላባቱ ያለኝ 10 ሽልንግ ብቻ ነው ሲል ሊትል ጆን ካባውን መሬት ላይ ዘርግቶ የሣጥኑን ገንዘብ ይቆጥራል፤ እውነቱን ነው። ልጁ ሰው ገድሎበት እርሱን ለማዳን መሬቱን በ400 ፓውንድ ለዮርክ ቅድስት ማርያም ገዳም አበ ምኔት አስይዟል፤ የመክፈያው ቀን ደርሷል። ዋስ አለህ ወይ ሲባል ከእመቤታችን በቀር የለኝም ይላል። ሮቢን እንግሊዝን ከዳር እስከ ዳር ብፈልግ ከእርሷ የተሻለ ዋስ አላገኝም ብሎ 400 ፓውንዱን ያበድረዋል።

ከዚያ ጨርቅ ይሰጡታል። ሊትል ጆን የሚለካው በደጋኑ ነው፤ አንድ በለካ ቁጥር ሦስት ጫማ ወደፊት ይዘላል። መች የሚባለው ጓደኛቸው አንተ ምን ዓይነት የሰይጣን ጨርቅ ነጋዴ ነህ ሲለው፣ ሌላው ቆሞ እየሳቀ፣ ለእርሱ ምን ቸገረው፣ ከኪሱ አይወጣ ይላል። የ8ኛ ክፍል ተማሪ ይህን ሲጫወት ተመልካቹ ዝም ብሎ ይቀመጣል ብዬ አላስብም። ዓመት ሲሞላ የዚያው ገዳም መጋቢ በመንገድ ሲያልፍ ይያዛል፤ ያለኝ 20 ማርክ ነው ብሎ ሲዋሽ ከ800 ፓውንድ በላይ ይገኝበታል። ሮቢን እመቤታችን ዕዳዋን እጥፍ አድርጋ ላከችልኝ ብሎ ይደሰታል። ባላባቱ 400ውን ይዞ ሲደርስም አይቀበለውም፤ እንዲያውም ከትርፉ ሌላ 400 ይጨምርለታል።

አሁን ሮቢንን መስፍን፣ ለምሳሌ የሀንቲንግደን ኧርል አድርገው ይህን ትዕይንት ያስቡት። አንድ ትልቅ መኰንን ለአንድ ትንሽ መኰንን ያበደረ ይሆናል፤ ቀልዱም ቁም ነገሩም ይጠፋል። የትዕይንቱ ኃይል ያለው ታችኛው ላይኛውን አብልቶ፣ አልብሶ፣ ፈረስ ሰጥቶ መሸኘቱ ላይ ነው። ስለዚህ የመስፍኑን መጽሐፍና የባላገሩን መጽሐፍ ቀላቅለው አንድ ቲያትር ለማውጣት ካሰቡ ይተዉት፤ አንዱ የሌላውን አጥንት ይሰብራል።

እግረ መንገዴን አንድ የተስፋፋ ስሕተት ላርም። «ከሀብታም ቀምቶ ለድኻ ይሰጥ ነበር» የሚለው አባባል በገድሉ ውስጥ እንደ መርሕ አይገኝም። ሮቢን ሰዎቹን የሚያዝዘው በሞፈር የሚያርሰውን ገበሬ፣ ደግ ባላገርንና ደግ ባላባትን እንዳይነኩ፣ ጳጳሳቱንና የኖቲንግሃሙን ሸሪፍ (የንጉሡን ሹም) ግን እንዳይምሩ ነው፤ መጨረሻው ላይ ብቻ ለድኾች ብዙ መልካም አደረገ የሚል አንድ ስንኝ አለ። ድኻውን አይነካም፣ ከአበ ምኔቶች በዘረፈው ያበለጽገዋል ብሎ በግልጽ የጻፈው ሜጀር በ1521 ነው። ይህን የታሪኩ እምብርት ያደረገው ደግሞ የፈረንሳይን አብዮት የሚደግፈው ጆሴፍ ሪትሰን ነው፤ የድሮዎቹን ግጥሞች ሰብስቦ በ1795 ሲያሳትም ሮቢንን የጨቋኞች ጠላት አድርጎ አቀረበው።

የቀሩት ንብርብሮች እንዲህ ገቡ። በ15ኛውና በ16ኛው ክፍለ ዘመን የእንግሊዝ አጥቢያዎች በግንቦት በዓል የሮቢን ሁድ ጨዋታ እያሳዩ ለቤተ ክርስቲያን ገንዘብ ይሰበስቡ ነበር፤ የኪንግስተን አጥቢያ የሒሳብ መዝገብ ይህን ያሳያል፤ ገዳም የሚዘርፈው ሽፍታ ለቤተ ክርስቲያን ሙዳየ ምጽዋት ዞረ ማለት ነው። የቀድሞው ጳጳስ ሂው ላቲመር በ1549 በንጉሡ ፊት ሲሰብክ፣ አንድ ቀን ሊያስተምር ሄዶ በሩን ተቆልፎ እንዳገኘው፣ ሕዝቡም ዛሬ የሮቢን ሁድ ቀን ነው ብሎ እንደመለሰው በምሬት ተናግሯል። ማሪያን ወደ ታሪኩ የገባችው በዚሁ ጨዋታ በኩል ነው። መነሻዋ የፈረንሳይ የእረኞች ዜማዊ ተውኔት ናት፤ እዚያም ፍቅረኛዋ ሮቢን የሚባል እረኛ ስለሆነ ስሙ አገናኛቸው። ታክ የሚለው ስም ደግሞ በ1417 በሱሴክስ ሸፍቶ የነበረ የአንድ ቄስ መደበቂያ ስም ሆኖ በመንግሥት ሰነድ ይገኛል። እንደ ታሪኩ ታክ ያሉት ተዘዋዋሪ መነኮሳት እንግሊዝ የገቡት በ1220ዎቹ ስለሆነ፣ ታክን በ1199 ከሞተው ከሪቻርድ ጋር አንድ መድረክ ላይ ማቆም የዘመን ስሕተት ነው፤ ፊልሞቹ ሁሉ ይሠሩታል፣ እርስዎ ግን ላለማሳሳት ስላሰቡ ይወቁት።

የሀንቲንግደን ኧርልነቱን የሰጠው አንተኒ መንዴይ ነው፤ በ1598 ለለንደን መድረክ በጻፋቸው ሁለት ተውኔቶች ሽፍታውን ሮበርት የተባለ ኧርል፣ ማሪያንንም የመኳንንት ልጅ አደረጋቸው። ዋልተር ስኮት በ1819 መጨረሻ ባወጣው ልቦለድ ደግሞ እንግሊዝን ድል አድርገው የያዙት የኖርማንና የነባሮቹ የሳክሶን ጠብ ውስጥ ከተተው፤ ፍላጻን በፍላጻ መሰንጠቅም ያኔ ነው የተስፋፋው፤ በድሮው ገድል የሚሰነጠቀው የተተከለው በትር ነው። አሜሪካዊው ሃዋርድ ፓይል በ1883 የልጆች መጽሐፍ አድርጎ አለዘበው። በ1922ቱ ድምፅ አልባ ፊልም ኧርሉ ከሪቻርድ ጋር ለመስቀል ጦርነት ሲዘምት ይታያል፤ ሦስተኛው መጽሐፍዎ የዚህ የሲኒማ ቤተሰብ ልጅ ነው። በ1984 የጀመረ የእንግሊዝ ተከታታይ ፊልም ደግሞ ናሲር የሚባል ሙስሊም ጓደኛ ጨመረለት፤ ከዚያ ወዲህ በተሠሩት ትልልቅ ፊልሞች በ1991ም በ2018ም እንዲህ ያለ ጓደኛ አለ። አዲስ ንብርብር እንዴት እንደሚጋገር በዕድሜያችን ያየነው ይህ ነው።

ታሪኩ የዋህ የልጆች ተረት መስሎ የታያቸው ሰዎችም አልጠፉም፤ ነገር ግን በ1953 በአሜሪካ የኢንዲያና የመማሪያ መጻሕፍት ኮሚሽን አባል የሆኑ አንዲት ሴት ከሀብታም ወስዶ ለድኻ መስጠት የኮሚኒስት ትምህርት ነውና ከትምህርት ቤት ይውጣ አሉ፤ የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች የዶሮ ላባ አረንጓዴ ነክረው ደረታቸው ላይ እየሰኩ ተቃወሙ። ከ1955 ጀምሮ ለእንግሊዝ ቴሌቪዥን የተሠሩትን 143 ክፍሎች ከጻፉት መካከልም በዚያው ክስ ከሆሊውድ የተባረሩ ደራስያን ነበሩ፤ በሐሰት ስም ይጽፉ ነበር።

ወደ አማርኛው ስንመጣ ሦስት ቃላት ያስቸግሩዎታል። ሽፍታ የሚለውን ይጠቀሙ፤ ወንበዴ አይበሉ፤ ወንበዴ ክብር የለውም፣ ሽፍታ ግን ሊፈራም ሊዘፈንለትም ይችላል። ሆኖም ልዩነቱን ይወቁ። በእኛ ቋንቋ ሰው ራሱ ይሸፍታል፤ በእንግሊዙ ሕግ ግን በተከታታይ ችሎቶች ስሙ ተጠርቶ ያልቀረበን ሰው ከሕግ ውጭ ያደረገው ፍርድ ቤቱ ነው፤ ንብረቱ ይወረሳል፣ በጥንቱ አነጋገርም የተኩላ ራስ ተሸክሟል ይባላል፣ እንደ ተኩላ ይታደናልና። ሸሪፉን ተማሪዎች ኮከብ ያደረገ የካውቦይ ፖሊስ አድርገው እንዳያስቡት ሹም ይበሉት፤ ንጉሡን ወክሎ ግብር የሚሰበስብና ወንጀለኛ የሚይዝ ስለሆነ ምስለኔም ቢሉት ያስኬዳል። ሮቢን ራሱ የሚጠራበት «ዮማን» የሚለው ማዕረግ ከሁሉም ይከብዳል። ጭሰኛ ቢሉት ያሳንሰዋል፣ ነፃ ሰው ነውና፤ ባላባት ቢሉት መንዴይ ያጠፋውን ይደግማሉ። እኔ ባላገር ያልሁት ለዚህ ነው፤ ርስቱ ላይ የሚኖር፣ ጌታም ሎሌም ያልሆነ ሰው እንዲታይልኝ።

አጥብቄ የምመክርዎት ይህ ነው፦ ቲያትሩን በገድሉ ላይ፣ በተለይ በባላባቱና በብድሩ ታሪክ ላይ ያቁሙት፤ ሌላውን ሁሉ ይተዉት። ሴት ተማሪዎች ምን ሊጫወቱ ነው ብለው ማሪያንን ለማስገባት አይቸኩሉ። በዚያው ገድል ሹሙ ባላባቱን በወንዝ ዳር ይዞ ሲያስረው፣ ሚስቱ ፈረሷ ላይ ወጥታ ጫካ ድረስ ሄዳ ሮቢን የባሏን ሕይወት እንዲያድንላት ትማጠነዋለች፤ ሹሙ የሚገደለው ከዚህ ተነሥቶ ነው። መጨረሻው ላይም ሮቢንን ለሕክምና ደም በመቅዳት ሰበብ የምትገድለው የከርክሊስ እመ ምኔት ናት። ሁለቱም ከማሪያን የሚበልጥ ሥራ አላቸው።

ሦስት ነገር ይጠንቀቁ። ከገድሉ ጋር የሚታተሙት ሌሎች የድሮ ግጥሞች ለልጆች አይሆኑም፤ በካምብሪጅ በሚገኘው የ1450 አካባቢ የእጅ ጽሑፍ ሊትል ጆን የመነኩሴን አንገት ይቆርጣል፣ መች ደግሞ እንዳያወራ ብሎ ትንሹን አሽከር ይገድለዋል። ሁለተኛ፣ የሮቢንን ሞት የሚተርከው ጥንታዊ ግጥም ግማሽ ግማሽ ገጹ ተቀዷል፤ ቶማስ ፐርሲ የእጅ ጽሑፉን ያገኘው በአንድ ወዳጁ ቤት ሠራተኞች እሳት ሲያያይዙበት ነው። የመጨረሻውን ፍላጻ ወርውሮ የወደቀበት ቅበሩኝ የሚለው ውብ ትዕይንት የሚገኘው ኋላ በ18ኛው ክፍለ ዘመን በታተመ ቅጂ ውስጥ ነው፤ ከፈለጉ ይጠቀሙበት፣ ግን ጥንታዊ ነው ብለው ለተማሪዎች አይንገሩ። ሦስተኛ፣ ድሮው የማንም ነው፤ እንደ ናሲር ያለ የቅርብ ጊዜ ፊልም የፈጠረው ገጸ ባሕርይ ግን ባለመብት አለው።

መዝጊያ ቢፈልጉ ገድሉ ራሱ ይሰጥዎታል። ንጉሡ አበ ምኔት መስሎ ጫካ ይገባል፣ ይምረዋል፣ ቤተ መንግሥት ይወስደዋል። በ15 ወር ውስጥ ሮቢን ገንዘቡን ጨርሶ፣ ሰዎቹ ከሁለት በቀር ተበትነው፣ ወጣቶች ቀስት ሲወረውሩ አይቶ ሆዱ ይባባል። ባርንስዴል ያሠራሁትን ቤተ ጸሎት ልሳለም ብሎ የሰባት ቀን ፈቃድ ይጠይቃል። ይፈቀድለታል፤ ጫካው ገብቶ መለከቱን ይነፋል፤ ለ22 ዓመትም አይመለስም። መጋረጃውን መለከቱ ላይ ይዝጉት።